በኮምፒዩተር ጨዋታ ላይ የሚደረበው መስኮት አልታይ ሲል፦ ኮምፒዩተርዎን ፎርማት ከማስደረግዎ በፊት

በኮምፒዩተር የሚጫወቱ ወጣቶች «ኦቨርሌይ» የሚሉት ተደራቢ መስኮት፣ ጨዋታው ሳይዘጋ በላዩ ላይ የሚከፈት ሌላ ገጽ ነው። ተጫዋቹ በዚህ መስኮት አማካይነት ከጓደኞቹ ጋር ይነጋገራል፤ ጨዋታውን በቪዲዮ ይቀርጻል፤ የኮምፒዩተሩን የሥራ ጫናና ሙቀት ይከታተላል፤ ወይም ከጨዋታው ሳይወጣ የኢንተርኔት ገጽ ይከፍታል። ስቲም፣ ዲስኮርድ፣ የዊንዶውስ ጌም ባር እንዲሁም የኤንቪዲያና የኤኤምዲ ሶፍትዌሮች እያንዳንዳቸው የየራሳቸው ተደራቢ መስኮት አላቸው። ይህ መስኮት ከዕለታት አንድ ቀን ቁልፉ ቢጫንም አልከፈት ይላል። ኮምፒዩተሩ ግን በሌላው ሥራው ሁሉ ጤነኛ ነው።

ጉዳዩ የመዝናኛ ብቻ ቢመስልም፣ ውጤቱ ከዚያ የከበደ ሊሆን ይችላል። በብዙ ቤተሰብ ዘንድ ያለው ኮምፒዩተር አንድ ብቻ ነው። ልጆች የሚጫወቱበት መሣሪያ፣ የቤተሰቡ የንግድ ሰነድ፣ የትምህርት ማስረጃ ቅጂ፣ የፎቶግራፍ ክምችትና ለአገልግሎት ማመልከቻ የተዘጋጁ ፋይሎች የሚገኙበት መሣሪያ ነው። በአምስት ደቂቃ ሊስተካከል የሚችል የማስተካከያ ጉድለት ሳይመረመር ኮምፒዩተሩ ፎርማት ሲደረግ፣ ጨዋታው ተመልሶ ይጫናል፤ ሰነዱ ግን አይመለስም። ከግሸን አካባቢና ከአምባሰል የገጠር ቀበሌዎች ለሚመጣ ተገልጋይ ደግሞ ጉዳቱ እጥፍ ነው። ዴስክቶፕ ኮምፒዩተር አስጭኖ አቀበትና ቁልቁለቱን አልፎ ወደ ውጫሌ፣ ወደ ሐይቅ ወይም ወደ ደሴ መጓዝ የትራንስፖርት ወጪና የሥራ ቀን ይጠይቃል። ከዚያም በኋላ ፎርማት የተደረገውን ኮምፒዩተር እንደገና ለማደራጀት በአሥራዎች የሚቆጠር ጊጋባይት ከኢንተርኔት ማውረድ ይከተላል። ይህ ጽሑፍ የተዘጋጀው ተገልጋዮች ይህን ሁሉ ከመወሰናቸው በፊት ችግሩን በቤታቸው እንዲለዩ ለማገዝ ነው።

መስኮቱ እንዴት ይደረባል?

መንስኤውን ለማግኘት አሠራሩን በጥቂቱ ማወቅ ይጠቅማል። አንድ ጨዋታ በስክሪን ላይ የሚታየው በሰከንድ በአሥራዎች የሚቆጠሩ ምስሎችን በተከታታይ በመሣል ነው። ጨዋታው እነዚህን ምስሎች ለማዘጋጀት ዳይሬክት ኤክስ፣ ቩልካን ወይም ኦፕን ጂኤል በሚባሉ መገናኛዎች በኩል ለግራፊክስ ካርዱ ትእዛዝ ይሰጣል። ተደራቢ መስኮትን ለማሳየት ሁለት መንገዶች አሉ። የመጀመሪያው እንደ ስቲም ያሉ ሶፍትዌሮች የሚጠቀሙበት ሲሆን፣ ሶፍትዌሩ ጨዋታው በሚነሣበት ቅጽበት የራሱን አነስተኛ ፋይል ወደ ጨዋታው ያስገባል። ከዚያም እያንዳንዱ ምስል ተሥሎ ለስክሪን ከመቅረቡ በፊት የራሱን ሥዕል ይጨምርበታል። ሁለተኛው መንገድ ወደ ጨዋታው ውስጥ ሳይገቡ፣ በስተጀርባው የሚያሳይ ሌላ መስኮት ከጨዋታው በላይ ማንሳፈፍ ነው። ዲስኮርድ በ2017 ዓ.ም. ያሻሻለው ተደራቢ መስኮት ይህን ሁለተኛውን መንገድ ይከተላል።

ልዩነቱ ለባለሙያ ብቻ የሚተው አይደለም። ወደ ውስጥ የሚገባው ዓይነት የሚሰናከለው መግቢያ ሲከለከል ነው፤ የሚንሳፈፈው ዓይነት ደግሞ የሚሰናከለው ጨዋታው ስክሪኑን ሙሉ በሙሉ ሲቆጣጠርና ከበላዩ ሌላ መስኮት እንዳይታይ ሲያደርግ ነው።

በመጀመሪያ ምልክቱን ይለዩ

ጨዋታውን ይክፈቱና የተደራቢ መስኮቱን ቁልፍ ይጫኑ። ከዚያም የሚሆነውን በጥሞና ይከታተሉ። ምንም ነገር ካልታየ፣ ነገር ግን ጨዋታው በድንገት ለማውዝና ለኪቦርድ መታዘዝ ካቆመ፣ ቁልፉን ደግመው ሲጫኑም ወደ መታዘዝ ከተመለሰ፣ መስኮቱ በእርግጥ ተከፍቷል፤ የጎደለው ሥዕሉ ነው። መንስኤው በግራፊክስ ካርድ፣ በድራይቨር ወይም በስክሪን አጠቃቀም በኩል መፈለግ ይኖርበታል። ቁልፉን ሲጫኑ ጨዋታው ምንም ሳይሰማው ከቀጠለ፣ ወይ ቁልፉ አልደረሰም፤ ወይ ተደራቢው ከጨዋታው ጋር አልተነሣም።

ሦስተኛው ምልክት ብዙ ጊዜ ከሁለቱ ጋር ይምታታል። መስኮቱ ይከፈታል፤ ክፈፉም ይታያል፤ ውስጡ ግን ባዶ ነው፤ ወይም የጓደኞች ዝርዝር አይመጣም። ይህ በአብዛኛው የኢንተርኔት ግንኙነት ጉዳይ ነው። በግሸን ማርያም መስከረም 21 ቀን ለሚከበረው ዓመታዊ በዓል ከየአቅጣጫው በሚመጣው ምዕመን ምክንያት በአንድ አካባቢ የሞባይል ተጠቃሚ ቁጥር በብዙ እጥፍ በሚጨምርበት ጊዜ፣ በስልክ ኢንተርኔት የሚሠራ ኮምፒዩተር እንዲህ ዓይነት ምልክት ቢያሳይ የሚያስገርም አይደለም። በዚህ ጊዜ ከኮምፒዩተሩ ምንም መነካት የለበትም፤ መጨናነቁ እስኪያልፍ መጠበቅ በቂ ነው።

ቁልፉ በእርግጥ ደርሷል?

እያንዳንዱ ሶፍትዌር የራሱ አቋራጭ ቁልፍ አለው። ስቲም ሺፍትና ታብ፣ የዊንዶውስ ጌም ባር የዊንዶውስ ቁልፍና ጂ፣ የኤንቪዲያ ደግሞ አልትና ዜድ አንድ ላይ ሲጫኑ ይከፈታሉ። የኤኤምዲ ሶፍትዌር በአልትና አር ይከፈታል። እነዚህ ከፋብሪካው የተሰጡ ናቸው፤ ቀደም ሲል ኮምፒዩተሩን የተጠቀመ ሰው ለውጧቸው ሊሆን ስለሚችል በሶፍትዌሩ ማስተካከያ ገጽ ማረጋገጥ ይገባል።

በአገራችን ተጠቃሚዎች ዘንድ በተለይ ሊታሰብበት የሚገባ፣ በውጭ አገር መመሪያዎች ግን የማይገኝ አንድ መንስኤ አለ። አማርኛ ለመጻፍ የምንጠቀምባቸው እንደ ኪማንና ፓወር ግዕዝ ያሉ ሶፍትዌሮች፣ እንዲሁም በዊንዶውስ ውስጥ ያለው የአማርኛ ኪቦርድ፣ የተጫነውን ቁልፍ ቀድመው ተቀብለው ወደ ፊደል የሚለውጡ ናቸው። ስለዚህ ኪቦርዱ በአማርኛ ላይ እያለ ፊደል ያለበት አቋራጭ ቁልፍ ለተደራቢ መስኮቱ ሳይደርስ ሊቀር ይችላል። ከዚህም በላይ በብዙ ኮምፒዩተሮች ላይ የግራ አልትና ሺፍት አንድ ላይ ሲጫኑ ቋንቋው ይቀየራል። በጨዋታ መካከል ጣት ሳያስቡት ሁለቱን ቁልፎች ሲነካ፣ ኪቦርዱ ተጫዋቹ ሳያውቅ ወደ አማርኛ ይዞራል። ምርመራው ቀላል ነው፦ የዊንዶውስ ቁልፍንና ስፔስን አንድ ላይ በመጫን ኪቦርዱን ወደ እንግሊዝኛ ይመልሱ፤ የአማርኛ መጻፊያ ሶፍትዌሩንም ለጊዜው ይዝጉና ቁልፉን እንደገና ይሞክሩ። መስኮቱ ከተከፈተ ሌላ ጥገና አያስፈልግም። አቋራጩን ፊደል ወደሌለበት ቁልፍ፣ ለምሳሌ በኪቦርዱ ላይኛው ረድፍ ካሉት የኤፍ ቁልፎች ወደ አንዱ መለወጥም ይቻላል።

በጌም ቤቶችና በኮምፒዩተር ማሠልጠኛዎች ደግሞ ኪቦርዱ ራሱ ያረጀ ሊሆን ይችላል። ኖትፓድ ከፍቶ የታብ ቁልፉ ጠቋሚውን ወደ ፊት ማስፈንጠሩን፣ ሺፍት ደግሞ ትልቁን ፊደል ማውጣቱን ማየት ከብዙ ድካም ያድናል።

ማስተካከያዎችና ፈቃዶች

ተደራቢው በማስተካከያ ተዘግቶ ሊሆን ይችላል። በስቲም ላይ ማስተካከያው በሁለት ቦታ ይገኛል፤ አንደኛው ለሁሉም ጨዋታዎች የሚያገለግለው ሲሆን በዋናው የማስተካከያ ገጽ «ኢን ጌም» በሚለው ክፍል ውስጥ ነው። ሁለተኛው ለአንድ ጨዋታ ብቻ የሚሠራው ሲሆን፣ በጨዋታው ስም ላይ የቀኝ ማውዝ ተጭነው «ፕሮፐርቲስ» ሲሉ ይመጣል። አንደኛው ክፍት ሆኖ ሁለተኛው ቢዘጋ መስኮቱ በዚያ ጨዋታ ላይ ብቻ አይታይም። መስኮቱ በአንድ ጨዋታ ብቻ ከጠፋ በመጀመሪያ የሚታየው ይኸው ነው።

ጨዋታው በምን መንገድ እንደተከፈተም ይመልከቱ። የስቲም ተደራቢ ከጨዋታው ጋር የሚነሣው ጨዋታው በስቲም በኩል ሲከፈት ነው። ከስቲም ውጭ በቀጥታ ከፎልደሩ የተከፈተ ጨዋታ ያለ ተደራቢ ሊነሣ ይችላል።

በተደጋጋሚ ሳይታወቅ የሚቀረው መንስኤ የፈቃድ ደረጃ ልዩነት ነው። ዊንዶውስ ሶፍትዌሮችን በተራ ተጠቃሚ ወይም በአስተዳዳሪ ፈቃድ ያስነሣል። ዝቅ ያለ ፈቃድ ያለው ሶፍትዌር ከፍ ያለ ፈቃድ ወዳለው ሶፍትዌር እንዳይገባና ቁልፎቹንም እንዳያዳምጥ የደኅንነት ሥርዓቱ ይከለክላል። እንግዲህ ጨዋታው በአስተዳዳሪ ፈቃድ፣ ስቲም ወይም ዲስኮርድ ግን በተራ ፈቃድ ከተነሡ መስኮቱ አይታይም። የብዙ ሰው ምክር ሁሉንም በአስተዳዳሪ ፈቃድ አስነሡ የሚል ነው። ምክሩ ይሠራል፤ ሆኖም በአንድ ሶፍትዌር ውስጥ የገባ ቫይረስ ሙሉ ኮምፒዩተሩን እንዲቆጣጠር በር ስለሚከፍት አይመከርም። የተሻለው መንገድ የጨዋታውን ፋይል የቀኝ ማውዝ ተጭኖ፣ በ«ፕሮፐርቲስ» ውስጥ «ኮምፓቲቢሊቲ» የሚለውን ክፍል ከፍቶ፣ በአስተዳዳሪ ፈቃድ እንዲነሣ የተደረገበትን ምልክት ማንሣት ነው።

መስኮቱ ተከፍቶ ሥዕሉ ብቻ የጎደለ እንደሆነ፣ በጨዋታው የቪዲዮ ማስተካከያ ውስጥ «ፉል ስክሪን» የሚለውን ወደ «ቦርደርለስ» ወይም ወደ «ዊንዶውድ» ይለውጡ። ከተስተካከለ መንስኤው ተገኝቷል ማለት ነው፤ በዚያው መቀጠል ይቻላል። ሁለት ግራፊክስ ያላቸው ላፕቶፖች ሌላ ባሕርይ አላቸው። ጨዋታው ከፕሮሰሰሩ ጋር በተሠራው አነስተኛ ግራፊክስ ላይ ከተነሣ የኤንቪዲያ ተደራቢ ላይሠራ ይችላል። በዊንዶውስ ማስተካከያ ውስጥ «ዲስፕሌይ» ከዚያም «ግራፊክስ» በሚለው ክፍል ጨዋታው በኃይለኛው ካርድ እንዲነሣ መምረጥ ይቻላል። የኤንቪዲያ ተጠቃሚዎች ቀድሞ የሚያውቁት ጂፎርስ ኤክስፒሪየንስ የተሰኘው ሶፍትዌር ከኅዳር 2017 ዓ.ም. ጀምሮ ኤንቪዲያ አፕ በተባለው እየተተካ መሆኑንም ማወቅ ይገባቸዋል፤ የማስተካከያዎቹ ቦታ ስለተቀየረ የድሮ መመሪያ ይዞ መፈለግ ያደክማል።

ሦስት አራት ተደራቢዎችን በአንድ ጊዜ መክፈትም ራሱን የቻለ ችግር ነው፤ ሁሉም በአንድ ምስል ላይ ለመሣል ሲሽቀዳደሙ አንዱ ሌላውን ይሸፍነዋል፤ አንዳንዴም ጨዋታውን ይዘጉታል። ከአንዱ በቀር ሁሉንም ዘግተው ይሞክሩ፤ ከዚያም ተራ በተራ ይመልሱ።

መከልከሉ ተገቢ የሆነበት ጊዜ

አንቲቫይረስ የተደራቢውን ፋይል አጠራጣሪ አድርጎ ሊያግደው ይችላል። ወደ ሌላ ሶፍትዌር ሰብሮ መግባት የቫይረስም ጠባይ ስለሆነ ጥርጣሬው መሠረተ ቢስ አይደለም። መፍትሔው አንቲቫይረሱን ማጥፋት ሳይሆን የታገዱ ፋይሎችን ዝርዝር ከፍቶ፣ ፋይሉ ከትክክለኛው አምራች የመጣ መሆኑን አረጋግጦ ለእርሱ ብቻ መፍቀድ ነው። በኢንተርኔት የሚደረጉ ውድድሮች ላይ ደግሞ ማጭበርበርን የሚከላከሉ ሥርዓቶች አሉ። ለምሳሌ ካውንተር ስትራይክ 2 እምነት ያልተጣለባቸው የውጭ ፋይሎች ወደ ጨዋታው እንዳይገቡ ይከለክላል። በዚህ ምክንያት የተሰወረ ተደራቢ ብልሽት የለበትም። ክልከላውን ለማለፍ መሞከር ከጨዋታው በቋሚነት ሊያሳግድ ይችላል።

በፍላሽ ተቀድተው ከእጅ ወደ እጅ የሚተላለፉ ጨዋታዎች በዚህ ረገድ ልዩ ጥንቃቄ ይሻሉ። እንዲህ ዓይነቶቹ ቅጂዎች ፈቃድ የሚያረጋግጠው ፋይል ወጥቶ በሌላ የተተካባቸው ናቸው። ተደራቢውም ከዚያው ፋይል ጋር የተያያዘ ስለሆነ፣ በተሰበረ ቅጂ ላይ የስቲም ተደራቢ እንዲሠራ መጠበቅ ከንቱ ነው። የከፋው የሚመጣው ከዚህ በኋላ ነው፤ ተጫዋቹ «ኦቨርሌይ ማስተካከያ» የሚል ፋይል ከማይታወቅ ገጽ ያወርዳል፤ አንቲቫይረሱን አጥፋ ሲባል ያጠፋል። በዚህ መንገድ የሚገቡ ፋይሎች በብራውዘር የተቀመጡ የይለፍ ቃሎችን ሊሰርቁ ይችላሉ፤ ኮምፒዩተሩ ደግሞ የቤተሰቡ የባንክና የአገልግሎት አካውንቶች የሚከፈቱበት ነው። እውነተኛ ተደራቢ የፋይዳ ቁጥር፣ የቴሌብር ምስጢር ቁጥር ወይም በስልክ መልእክት የሚላክ የማረጋገጫ ኮድ አይጠይቅም። የሌላውን ሰው ኮምፒዩተር ያለ ፈቃድ መድረስ በኮምፒዩተር ወንጀል አዋጅ ቁጥር 958/2008 የሚያስቀጣ መሆኑን፣ ተጎጂውም ለፖሊስ ማመልከት እንደሚችል ማስታወስ ተገቢ ነው።

የመብራት መቋረጥና ያረጀ ዊንዶውስ

ሶፍትዌር ወይም ድራይቨር በሚታደስበት ሰዓት መብራት ቢጠፋ፣ ፋይሎቹ ግማሹ አዲስ ግማሹ አሮጌ ሆነው ይቀራሉ። ኮምፒዩተሩ መልሶ ይነሣል፤ ጨዋታውም ይሠራል፤ ተደራቢው ግን ይጠፋል። ለዚህ ዓይነቱ ጉዳት ፎርማት ማድረግ አያስፈልግም። በስቲም ላይ በጨዋታው «ፕሮፐርቲስ» ውስጥ የተጫኑ ፋይሎችን የማረጋገጫ ትእዛዝ አለ፤ ይህ ትእዛዝ ፋይሎቹን አንድ በአንድ መርምሮ የተበላሹትን ብቻ ያወርዳል። በኢንተርኔት ፓኬጅ ለሚጠቀም ሰው ልዩነቱ ከፍተኛ ነው። ስቲምን ራሱን እንደገና መጫን ቢያስፈልግ እንኳ፣ ጨዋታዎቹ የሚገኙበትን «ስቲምአፕስ» የተባለውን ፎልደር አስቀድሞ ወደ ሌላ ቦታ ማዘዋወርና በኋላ መመለስ ጨዋታዎቹን እንደ አዲስ ከማውረድ ያድናል። ድራይቨርን ማደስ የሚገባው ከአምራቹ ገጽ በቀጥታ፣ ላፕቶፕ ከሆነም ባትሪው ሞልቶ ሳለ ነው።

ያረጁ ኮምፒዩተሮችን በተመለከተ ግን ምንም ዓይነት ማስተካከያ የማይመልሰው ጉዳይ አለ። ስቲም ለዊንዶውስ 7፣ 8 እና 8.1 የሚሰጠውን ድጋፍ ከታኅሣሥ 22 ቀን 2016 ዓ.ም. ጀምሮ አቋርጧል። ከዚያ ወዲህ በእነዚህ ሥርዓቶች ላይ ስቲም ራሱ መሥራቱ ዋስትና የለውም፤ ተደራቢ መስኮቱም ከአዲስ የብራውዘር ክፍል ጋር የተያያዘ ስለሆነ ችግር ሊገጥመው ይችላል። ማይክሮሶፍትም ለዊንዶውስ 10 ይሰጥ የነበረውን መደበኛ ድጋፍ ጥቅምት 4 ቀን 2018 ዓ.ም. አብቅቷል። በዊንዶውስ 10 ተደራቢዎች ዛሬም ይሠራሉ፤ ሆኖም ጌም ቤት ለመክፈት ያገለገሉ ኮምፒዩተሮችን የሚገዙ ወጣቶች ከመክፈላቸው በፊት መሣሪያው ዊንዶውስ 11 መቀበል መቻሉን ሊጠይቁ ይገባል።

በአገልግሎት ገጾች ላይ የማይታይ መስኮት

ተገልጋዮች የመንግሥት አገልግሎት በኢንተርኔት ሲጠይቁ የክፍያ ወይም የማንነት ማረጋገጫ መስኮት አልወጣልኝም ብለው የሚያነሡት ችግር ከዚህ ጋር ይመሳሰላል፤ መንስኤው ግን ሌላ ነው። እዚያ መስኮቱን የሚያግደው ብራውዘሩ ነው። በአድራሻ መጻፊያው መሥመር ጫፍ ላይ መስኮት መታገዱን የሚያሳይ ትንሽ ምልክት ይፈልጉ፤ አድራሻው የትክክለኛው ተቋም መሆኑን ካረጋገጡ በኋላ ለዚያ ገጽ ብቻ ይፍቀዱ። ማስታወቂያ የሚከላከል ተጨማሪ ሶፍትዌር ካለም ለዚያው ገጽ ያጥፉት። ከሁሉ በላይ ግን መስኮቱ አልመጣም ብለው ክፍያውን ደግመው አይፈጽሙ፤ በቅድሚያ የቴሌብር ወይም የባንክ ሂሳብዎን እንቅስቃሴ ይመልከቱ። ክፍያው ተፈጽሞ የጠፋው የማረጋገጫው መስኮት ብቻ ሊሆን ይችላል።

ወደ ባለሙያ መሄድ ግድ ሲሆን

ከላይ የተዘረዘረው ተሞክሮ ውጤት ካላመጣ፣ ከመጓዝዎ በፊት የሚከተለውን በወረቀት ይያዙ፦ ችግሩ በሁሉም ጨዋታዎች ላይ ነው ወይስ በአንዱ፤ ከየትኛው ቀን ጀምሮ ነው፤ በዚያ ሰሞን ምን ተጫነ ወይም ታደሰ፤ ቁልፉ ሲጫን ጨዋታው መታዘዝ ያቆማል ወይስ አያቆምም። እነዚህን መልሶች በስልክ ብቻ ሰምቶ መፍትሔ የሚነግር ባለሙያ ሊያጋጥም ስለሚችል ኮምፒዩተሩን ከማስጫንዎ በፊት ይደውሉ። መሣሪያውን መውሰድ የግድ ከሆነ ሰነዶችዎን በፍላሽ ወይም በተንቀሳቃሽ ሃርድ ዲስክ ገልብጠው ቤት ያስቀምጡ፤ በብራውዘር ከተከፈቱ የባንክና የኢሜይል አካውንቶች ይውጡ። ባለሙያው ፎርማት ማድረግ አለብኝ ካለ፣ በሲ ድራይቭ ዴስክቶፕና «ዶክመንትስ» ውስጥ ያሉ ፋይሎች እንደሚጠፉ፣ በዲ ድራይቭ ላይ ያሉት ደግሞ መነካት እንደሌለባቸው በግልጽ ተነጋግረው ይስማሙ። የይለፍ ቃልዎን በወረቀት ጽፈው አይስጡ፤ ማስገባት ካስፈለገ ራስዎ ያስገቡ።